ውድማው ላይ ያለው ልጅ

ወይዘሮ ላቀች ንፋስ መውጫ ወዳለችው ትንሽ ሙዚየም መመላለስ የጀመሩት ግንቦት ላይ ነው። ከወገዳ በሚኒባስ ይመጣሉ፤ መንገዱ አጥንት የሚፈታ ነው። ገብተው የብር መስቀሎቹን፣ የቀንድ ዋንጫዎቹን፣ በአለላ የተሰፉትን መሶቦች ቀና ብለው ሳያዩ ያልፉና ኋለኛው ክፍል አንድ ሥዕል ፊት ይቆማሉ።

ሥዕሉ ትልቅ ሸራ ነው። በሬዎች ውድማ ላይ ገብስ ያበራያሉ። አሥራ ሰባት ዓመት የሚሆነው ልጅ መንሽ ይዞ ወደ ተመልካቹ ዞሮ ይስቃል። የግራ ቅንድቡን ጠባሳ ለሁለት ከፍሎታል። የሣሉት አንድ የወገዳ መምህር ነበሩ፤ ሲሞቱ ባለቤታቸው ለሙዚየሙ ሰጡት።

የሙዚየሙ ሠራተኛ አዜብ መጀመሪያ ሌባ መስለዋት ነበር። ሌላ ጎብኚ ሲገባ ሴትዮዋ ነጠላቸውን ዘርጋ አድርገው ከሥዕሉ ፊት ንቅንቅ አይሉም። አንድ ቀን ጠጋ ብላ ጠየቀቻቸው።

«እማማ፣ ልጁን ያውቁታል?»

ወይዘሮ ላቀች ወደ በሩ ዞር ብለው አዩ። «ልጄ ነው» አሉ ቀስ ብለው።

«አሁን የት ነው?»

«የለም።»

«ሞቶ ነው?»

«የለም አልኩሽ እኮ። ከሄደ ስምንት ዓመቱ።»

አዜብ ፎቶ እንኳ አልቀረላቸው ይሆናል ብላ አሰበች። ከዚያ ወዲህ በመጡ ቁጥር ወንበር ታቀርብላቸው ጀመር።

ሐምሌ ላይ ራሳቸው ፈትለው ያሠሩት መጋረጃ ይዘው መጡ። «ፀሐይ ቀለሙን እንዳይበላው ሸፍኚልኝ» አሏት። ሰቀለችላቸው። የሙዚየሙ ኃላፊ አቶ ምስጋናው ግን በማግስቱ አስወረዱት።

«ሰው እንዲያየው አይደል እንዴ ያስቀመጥነው?»

ነሐሴ ሲገባ ደብዳቤ ደረሰ። ሥዕሉ ለኤግዚቢሽን ባሕር ዳር ሊሄድ ነው፤ በቴሌቪዥንም ይታያል። አዜብ ደስ የሚላቸው መስሏት ነገረቻቸው።

ወይዘሮ ላቀች ሲሚንቶው ላይ ተንበርክከው እግሯን ያዙ።

«አላምረውን አታውጡብኝ! በእመቤቴ ይዤሻለሁ! ቅደጂው፣ አቃጥዪው፣ ብቻ ከዚህ አይውጣ!»

«እማማ፣ ይነሡ እባክዎ! ይመለሳል እኮ፤ ሁለት ወር ብቻ ነው።»

«ሁለት ወር!» አሉና ፊታቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

አዜብ አቶ ምስጋናውን ለመነች፤ እሺ አላሉም። ሸራው ተጠቅልሎ መኪና ላይ ተጫነ። ሴትዮዋ መኪናውን ተከትለው ሮጡ፤ መታጠፊያው ጋ ወደቁ። አዜብና አንድ የባጃጅ ሹፌር ደግፈው አነሷቸው። እጃቸው ተልጦ ይደማል፤ እሳቸው ግን አላዩትም።

የዚያን ቀን አዜብ ምሳዋን አልቀመሰችም። ሥዕሉ ሳይሄድ በስልኳ አንስታው ነበር። የልጁን ፊት አጉልታ ፌስቡክ ላይ ለጠፈችው። «አላምረው ይባላል፤ የስማዳ ወገዳ ልጅ ነው። ከጠፋ ስምንት ዓመቱ ነው። እናቱ በሐዘን ሊያልቁ ነው። ያለበትን የሚያውቅ በዚህ ስልክ ይደውል» ብላ ጻፈች። ሰዎች እየተቀባበሉ አዳረሱት።

በሦስተኛው ቀን ከወረታ አንዲት ሴት ደወለች።

«ጠባሳውን አይቼ ነው። እዚህ የብረት በር ይበይዳል። ስሙ ግን ሌላ ነው። ሱቁ ከመናኸሪያው ጀርባ ነው፤ ሰማያዊ በር አለው።»

አዜብ በደስታ የምትሆነውን አጣች። ወይዘሮ ላቀች ስልክ የላቸውም። ነገ ራሴ ሄጄ እነግራቸዋለሁ ብላ ፈቃድ ጠየቀች።

ከሰዓት በኋላ ደግሞ ከእስቴ ስልክ ተደወለ፤ የጎልማሳ ድምፅ ነው።

«የአጎቱ ልጅ ነኝ፣ እህቴ። ስንፈልገው ስንት ዘመናችን! በሕይወት አለ?»

ሰውየው ማልቀስ ጀመረ። አዜብም አለቀሰች። ከተማውን፣ መናኸሪያውን፣ ሰማያዊውን በር አንድ በአንድ ነገረችው።

«እግዜር ይስጥሽ» አላት። «ነገ ማልደን እንሄዳለን።»

በማግስቱ ረፋድ ላይ አዜብ ወገዳ ደረሰች። ወይዘሮ ላቀች ደጃፋቸው ላይ ባቄላ ይለቅማሉ።

«እማማ፣ እልል ይበሉ! አላምረው ተገኘ! ወረታ ነው ያለው!»

ሰፌዱ ከእጃቸው ወደቀ፤ ባቄላው ጭቃው ላይ ተበተነ።

«ማን ነገረሽ?»

«ፎቶውን ለጥፌው ሰው ሁሉ ሲፈልግልዎት ነበር። ደግሞ ብቻዎን አይደሉም፤ የአጎቱ ልጅ ከእስቴ ደውሎ ቦታውን ነግሬዋለሁ። ዛሬ ጠዋት ሄደዋል፤ ይኼኔ ደርሰዋል።»

ወይዘሮ ላቀች የበሩን መቃን ይዘው ቆሙ።

«አላምረው አጎት የለውም» አሉ። «እስቴ ያሉት አባቱ ወንድማቸውን የገደለባቸው ደመኞቹ ናቸው።»