ቆቡን ሳታወልቅ

ክላረንስ ቦትሪልን መንገድ ላይ በመልኩ የማያውቀው አልነበረም፤ ስሙን የሚያውቅ ግን አይገኝም። ዕድሜውን ሙሉ በመድረክም በቴሌቪዥንም አሽከር፣ ትኬት ቆራጭ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ፖሊስ ሆኖ ተውኗል። ግዙፍ ነው፤ ሲቆም በር ይሞላል። ያንኳኳል፣ መርዶ ያረዳል፣ ይወጣል። አልቅሰው የሚጨበጨብላቸው ሌሎች ናቸው።

አሁን አርጅቷል፤ ቃሉም እየጠፋበት ነው። ባለፈው ሥራው መሀል መድረክ ላይ ድርቅ ብሎ ቀርቶ አዘጋጁ ፊት ነስቶታል። አሁን ያገኛትን አጭር የፖሊስ ሚና ካበላሸ ሌላ የሚሰጠው እንደሌለ እሱም ሚስቱ ኤድናም ያውቁታል።

ስለዚህ ሃል በምትባለው የእንግሊዝ ወደብ አጠገብ ባለችው ጠባብ ቤታቸው በየቀኑ ይለማመዳሉ። ክላረንስ የሻይ ማንቆርቆሪያው እንዳይቀዘቅዝ የሚለብሰውን ሹራብ እንደ ፖሊስ ቆብ ራሱ ላይ ደፍቶ ይወጣል። ሰው ቢስቅበትም ግድ የለውም። የራሱን ቃል በወፍራም፣ በተውኔቱ መርዶ የሚነገራትን እናት ቃል በቀጭን ድምፅ እያነበነበ ሰፈሩን ዞሮ ይመጣና ያንኳኳል። ኤድና እናት ሆና ትከፍታለች። የሚናገረው አጭር ነው፦ «እመቤቴ፣ ስለ ልጅዎ ስለ ቶማስ ነው። አልተረፈም።»

ኤድና አትምረውም።

«ቆቡን ሳታወልቅ መርዶ ታረዳለህ? ምን ዓይነት ባለጌ ፖሊስ ነህ?»

የሟቹን ልጅ ስምም ይስታል። አንድ ቀን በቶማስ ፈንታ የጎረቤታቸውን ውሻ ስም ጠርቶ ሆዳቸውን ይዘው ስቀዋል። እሷ እያረመችውም እጇ አያርፍም፤ በዓሣ አጥማጅ መርከብ ለሚሠራው ልጃቸው ለዴሪክ ወፍራም ሹራብ ትሠራለች።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ክላረንስ እንደ ልማዱ ወጣ። ንፋሱ መስኮቱን ያንገጫግጨዋል። ጥቂት ቆይቶ ኤድና ከደጅ ሁለት ድምፅ ሰማች፤ አንዱ ወፍራም፣ አንዱ ቀጭን። ዛሬስ ቀንቶታል ብላ ደስ አላት።

በሩ ተንኳኳ፤ ከፈተች። ክላረንስ በሩን ሞልቶ ቆሟል። የማንቆርቆሪያውን ሹራብ በእጁ ጨምድዶ ይዟል።

«ጎሽ፣ ቆቡን ማውለቅ አልረሳህም» አለችው።

አፉን ከፈተ፤ ቃል አልወጣውም። ፊቱ አመድ መስሏል። ኤድና በዚህ ዓይነት አዘጋጁ በመጀመሪያው ቀን ያባርረዋል ብላ አሰበች፤ ቀስ ብላም አስታወሰችው።

«እመቤቴ፣ ስለ ልጅዎ...»

«ስለ ልጅሽ...» አለ ክላረንስ።

«ልጅዎ በል እንጂ። አሁን እኮ ባሌ አይደለህም።»

«ስለ ዴሪክ ነው።»

«ቶማስ፣ አንተ ሰውዬ። ቶማስ ነው ስሙ።» ቃሉ እንደገና እንደጠፋበት አይታ የቀረውን ራሷ ጨረሰችለት። «አልተረፈም። ይኸው ነው፣ ሌላ የለውም። በል እንደገና።»

ክላረንስ ከበሩ ፈቀቅ አለ።

ከኋላው፣ ደረጃው ላይ፣ አንድ ወጣት ፖሊስ ቆቡን አውልቆ ቆሟል።