አራት ካንዴላ

ታላቅ ወንድሙ የላንድሮቨሩን ኮፈን ከፍቶ ሲያይ የሞተሩ ካንዴላዎች የሉም፤ አራቱም ቀዳዳዎች አፋቸውን ከፍተዋል። የአባታቸው ገዳይ ዛሬ ሮብ ገበያ እንደሚውል ሰምቷል፤ ክላሹም ጥይት ጎርሶ የመኪናው ወንበር ላይ ተጋድሟል። ዞር ሲል ታናሽ ወንድሙ፣ ዲያቆኑ፣ የግቢውን በር ዘግቶ ቆሟል። ጣቶቹ በጥላሸት ጠቁረዋል።

«ካንዴላዎቹን አምጣ!»

«አላመጣም፣ ጋሼ።»

የካንዴላውን መፍቻ መንጋጋው ላይ አሳረፈበት። ዲያቆኑ በጉልበቱ ወደቀ። ሁለተኛው ምት ቅንድቡን ተረተረው። ሦስተኛው ለመከላከል ያነሣውን ክንዱን አገኘው፤ አጥንቱ ሲሰበር ሁለቱም ሰሙት።

«ጨርሰኝ» አለ ዲያቆኑ ደም እየተፋ። «የእኔን ደም የሚመልስ የለም። እዚሁ ያበቃል።»

ታላቁ መፍቻውን እንዳነሣ ቀረ። ኮፈኑን ከፍቶ ባዶውን ባየ ጊዜ መጀመሪያ የተሰማው ንዴት አልነበረም፤ እፎይታ ነበር። ይህን ያወቀው አሁን ነው። መፍቻውን ወርውሮ ተንበረከከና የወንድሙን ራስ ደረቱ ላይ አስደገፈ።

«ቀርቷል» አለው። «አልሄድም።»

ይኼኔ እናታቸው ከጓዳ ወጣች። ባሏ ከተገደለ ወዲህ ያላወለቀችውን ጥቁር ነጠላ ለብሳለች። አራቱን ካንዴላዎች ከዱቄት ጆንያ ውስጥ አግኝታ፣ ልጆቿ ሲደባደቡ በአመድ ስትፈትጋቸው ቆይታ ነበር፤ ያብለጨልጫሉ። ሞተሩ ላይ ደረደረቻቸው። ከዚያ ጎንበስ ብላ መፍቻውን አነሣችና የትንሹን ልጇን ደም በነጠላዋ ጠርጋ ለታላቁ ዘረጋችለት።

«ግጠም» አለችው። «ገበያው ሳይበተን።»