የጋሽ እምሩ ፋይል

የሞላሌው መዝገብ ቤት ኃላፊ ጋሽ እምሩ ለብርዱ ነጭ ሽንኩርት ያኝኩ ነበር። ኪቦርድም የሚነኩት ወረቀት እንደሚገልጥ ሰው ጣታቸውን በምራቅ እያራሱ ነው። ኮምፒውተሩ በየጠዋቱ የሚጠይቀውን የፈቃድ ቁልፍ፣ ያን ረጅም ቁጥር፣ በስማቸው ፋይል ከፍተው አስቀምጠውታል።

አርባቸው ከወጣ በኋላ በቦታቸው የተተካችው አዲሷ ሠራተኛ መስታወት ኪቦርዱን በአልኮል ፈትጋ አጸዳች። ቁልፉን በራሷ ፋይል ገልብጣ የሳቸውን ሰረዘች።

በማግስቱ የሳቸው ፋይል ተመልሷል። ኪቦርዱ ላይ ምራቅ ተዝረክርኮ ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት ይሸታል።

«ማን ገባ?» አለችው ዘበኛውን ስንታየሁን።

«እህቴ፣ የዘጋሽውም የከፈትሽውም አንቺ ነሽ።»

አፍንጫዋን ይዛ ምራቁን ጠረገች፣ ፋይሉንም ደግማ ሰረዘች። ጨርቁን ጥላ ቀና ስትል ፋይሉ ቦታው ላይ ነበር። የኪቦርዱን ፊደሎች ነካቻቸው። እንደገና ረጥበዋል፤ ደግሞም ይሞቃሉ።