የሚያስቅ ፊት

ሌስሊ ትራንተር ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሰው ሲያስቅ የኖረው በሞት ነው። በእንግሊዝ ቴሌቪዥን የጨለማ ቀልድ ውስጥ ሬሳ ገናዥ ሆኗል፣ ምእመናኑን በሻይ የሚመርዝ ቄስ ሆኗል፣ አራት ጊዜ ደግሞ ራሱ ሬሳ ሆኖ ተጋድሟል። ዋና ተዋናይ ግን አንድም ቀን አልሆነም። ስሙን የሚያውቅ የለም፤ ፊቱን ያየ ግን አውቶቡስ ውስጥም ይስቃል። በእናቱ ቀብር ላይ ሲናገር እንኳ ከኋላ ወንበር አንዱ ፕፍ ብሎበታል።

ስልሳ ሦስት ሲሞላው ስልኩ ዝም አለ። ወኪሉ አይደውል፣ አዘጋጆቹ አይደውሉ፣ ሳል ስለያዘው ደረቱን ራጅ ያነሱት ሰዎች እንኳ ወር ሙሉ ድምፃቸው ጠፋ። የቀረችው እንጀራ አንዲት ነበረች፦ ሼፊልድ ውስጥ ባለ ሆስፒታል ለሕክምና ተማሪዎች ፈተና በሽተኛ መስሎ መቅረብ። ተማሪው መርዶውን ያረዳዋል፣ እሱ ያለቅሳል፣ ደወል ይደወላል፣ ቀጣዩ ይገባል።

እሷም ልትቀርበት ነው። አስተባባሪዋ ብሬንዳ በስልክ ቁርጡን ነገረችው።

«ሌስ፣ ልጆቹ አንተን ሲያዩ ሳቃቸውን መቆጣጠር አይችሉም። ካንሰር አለብህ እያሉ ይስቃሉ!»

«ፊቴን ምን ላድርገው ታዲያ? አውልቄ አልሰቅለው!»

«አንድ ዕድል ብቻ እሰጥሃለሁ። ከሳቁ በቃ፣ አበቃ።»

በሳምንቱ ከሆስፒታሉ ደብዳቤ መጣለት፤ ማክሰኞ ጠዋት አራት ሰዓት፣ ሦስተኛ ፎቅ ይላል። ደረጃውን ሲወጣ ሳል ሁለቴ አስቆመው።

ክፍሉ ውስጥ፣ ሁልጊዜ ጥግ ላይ ወረቀት ይዞ የሚቀመጠው ፈታኝ የለም። የበሽተኛው ታሪክ የተጻፈበትን ካርድም የሰጠው ሰው አልነበረም። በጀት ቀንሰው ይሆናል አለ በልቡ፤ የማይቀነስ ነገር የት አለና።

አንዲት ወጣት ገባችና «ዶክተር ፔትሪ እባላለሁ» አለችው። ሁሉም ተማሪዎች ሲፈተኑ እንዲያ ነው የሚሉት።

«ሚስተር ትራንተር፣ አብሮዎት የመጣ ሰው አለ?»

በገዛ ስሙ መጠራቱ ደስ አሰኘው።

«ብቻዬን ነኝ፣ የኔ ልጅ።»

«የምነግርዎ ጥሩ ዜና አይደለም።»

ቀስ ብላ ነገረችው። ሳንባው ነው፤ ተሰራጭቷል፤ ቢበዛ እስከ ገና በዓል ቢቆይ ነው። ሌስሊ ሰው የሚያስቀውን ቅንድቡን እንዳይንቀሳቀስ ያዘ፣ የከንፈሩን ጥግ ያዘ፣ የለመደውን ልቅሶም ዋጠው።

«ያምማል?» አለ ብቻ።

ልጅቱ አልሳቀችም። ዓይኗ እንባ አቀረረ። ሌስሊ ዕድሜውን ሙሉ የጠበቀው ይህንን ነበር፤ አንድ ሰው ፊቱን አይቶ አዘነ።

«አይዞሽ፣ ጎበዝ ነሽ» ብሎ እጇን ያዛት። «ታልፊያለሽ። እንዳልሳቅሽ ግን ለብሬንዳ ንገሪልኝ፣ እሺ? በይ አሁን ቀጣዩን ተማሪ አስገቢ።»

ዶክተር ፔትሪ እጁን አልለቀቀችም።

«ሚስተር ትራንተር፣ ዛሬ እኮ ፈተና የለም።»