ፊልም አይዋሽም

ከጦርነቱ በኋላ ነው፤ ኪዮቶ፣ አንድ የፊልም መቅረጫ ግቢ ውስጥ። አልባሿ ኦሺጌ ያን ዕለት ጠዋት ከፍቷት ነበር። ሽፍታ ሆኖ የሚጫወተው ኩሜኪቺ ኪሞኖውን፣ ያን ከፊት ተደርቦ በመቀነት የሚታሰር ልብስ፣ ሲለብስ እጁን መታችው።

“የግራው ከላይ! ሞተሃል እንዴ? ኪሞኖ ቀኙን ከላይ አድርጎ የሚደርብ ሬሳ ብቻ ነው።”

“ተይው እትዬ፣ ግራኝ ምን ያውቃል” አለ ጓደኛው ሽፍታ ሃሩጂ። “ለሱ ዓለም ሁሉ የተገለበጠ ነው።”

ኦሺጌ ሁሉንም በገዛ እጇ አስተካክላ አለበሰቻቸው።

ከሰዓት በኋላ፣ ቀረጻው ላይ፣ ፊታቸውን በጨርቅ ከሸፈኑት ሁለት ሽፍቶች አንዱ በቀርከሃው ጎራዴ ፈንታ ጠንካራ እንጨት ይዞ ገባ። ዋናውን ተዋናይ አናቱን አለው። ሰውየው እዚያው ቀረ።

ኩሜኪቺ “ሃሩጂ ነው” አለ። ሃሩጂ “ኩሜኪቺ ነው” አለ። የቀሩት ደግሞ አቧራው ውስጥ ያዩት የጠሉትን ሰው ነው። ኩሜኪቺ ኩሩ ነበርና የሚወደው አልነበረም።

“በል እንግዲህ፣ ገመዱ ላንገትህ ይበቃ እንደሆነ ለካው” አለው አንዱ።

“እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል” አለ ኩሜኪቺ።

“አንተ መች ታድርና!”

ዳይሬክተሩ ሙናካታ ጭቅጭቁ ሰለቸው። “ሰው ይዋሻል፤ ፊልም አይዋሽም” ብሎ ከፖሊስ የመጣውን መርማሪም ሠራተኛውንም ፊልም ማሳያው ጨለማ ክፍል ሰበሰበ። የማሳያ ማሽኑ ሠራተኛ ጉንፋን ይዞት ስለቀረ ፊልሙን ማሽኑ ላይ ያጠለቀው ሃሩጂ ነው፤ ድሮ ሲኒማ ቤት ይሠራ ነበር። ኦሺጌ ፊቷን በእጇ ሸፍና ታለቅሳለች፤ ሟቹን ትወደው ነበር።

መጋረጃው ላይ አቧራ ተነሣ። ሽፍታው እንጨቱን በግራ እጁ አንሥቶ አወረደው። ሃሩጂ እየመለሰ ደግሞ አሳያቸው።

“ግራ እጅ ነው” አለ መርማሪው። “እዚህ ግራኝ ማነው?”

“እኔ አይደለሁም! ጌታዬ፣ በአምላክ፣ እኔ ከሟቹ በስተቀኝ ነበርኩ!” አለ ኩሜኪቺ።

“ዓይንህ እያየ ትክዳለህ? ውሻ” አለ ሙናካታ።

እየረገጡና እየተፉበት አወጡት። ሃሩጂም የኩሜኪቺን ጫማ አንሥቶ ተከተላቸው። ማሽኑ ግን እየዞረ ነበር፤ ኦሺጌ እንባዋን ጠርጋ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አለች።

ጠዋት በገዛ እጇ ግራውን ከላይ አድርጋ ያለበሰቻቸው ሁሉ፣ ሟቹም ገዳዩም፣ መጋረጃው ላይ መስታወት ውስጥ እንዳለ ምስል ተገልብጠው የኪሞኗቸውን ቀኝ ከላይ ደርበዋል።