የሙላት ኮርቻ

«እሱን አውርደው» ይላል አካለ ወልድ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ኮርቻ በአለንጋው ጫፍ እየነካ።

ኮርቻ ሰፊው ሙነወር ወስፌውን እንደያዘ ቀና ይላል። «እሱ የሰው ነው።»

«የማን?»

«የሙላት።»

አካለ ወልድ የጣሊያኑ ሹም ሹፌር ነው፤ የቄስ ልጅ፣ እዚሁ ያደገ። አርበኛውን ሙላትን ገበያው መሀል የሰቀሉት ዕለት ጭኖ ያመጣውም እሱ ነው። «እንግዲያ የሚጋልበው የለም» ይላል ቀስ ብሎ። «አውርደው፣ አያ ሙነወር።»

መኪናዋ ደጃፉ ላይ ቆማለች። ከሆዷ በታች፣ ከሞተሩ ወደ ኋላ እግሮቿ የሚሄደው ብረት የሚተጣጠፍበት አንጓ አለ። አንጓውን የሚሸፍነው ቆዳ አርጅቶ ተቀዷል፤ ግራሶው አልቆ አቧራ ገብቶበታል፤ ስለዚህ በሄደች ቁጥር ትጮኻለች። ሁለቴ ቋ፣ ቋ፤ ዝም፤ ደግሞ አንዴ ቋ። የደብረ ማርቆስ ሰው «እሜቴ ቋቋ» ይላታል። እሜቴ ሲመጡ ከሩቅ ይሰማሉ፤ ልጆቹን ሊያይ ከጫካ የገባ አርበኛ አጥር ዘሎ ያመልጣል። እግዜር ሳይደግስ አይጣላም ነው ነገሩ።

ሙላት የተያዘ ዕለት ግን በረዶ ይጥል ነበርና ማንም አልሰማም። ከዚያ ወዲህ ሙነወርን ድምጿ አይለቀውም። ሲበላ ይሰማዋል፤ ሲሰግድ ይሰማዋል፤ መኪናዋ ከከተማው ወጥታ እንኳ ይሰማዋል። ይፈራዋል፤ ሲጠፋበት ደግሞ የባሰ ይፈራል።

ኮርቻውን ያወርዳል። ግማሹ ገና አልተሰፋም። «ሳልቀመጥበት ልሞት ነው እኮ» እያለ ይቀልድበት ነበር ሙላት፣ ሥራው በዘገየ ቁጥር። ሙነወር ቆዳውን ከእንጨቱ መግፈፍ ይጀምራል። ሚስማሮቹን ለማላቀቅ እንጨቱን በመዶሻ ይመታል። ቋ።

አካለ ወልድ ደንግጦ ወደ መኪናዋ ይዞራል። ሞተሯ ጠፍቶ ቆማለች።

«ያንተ ነው እንዴ?» ይላል። ይስቃል፤ ሳቁ ግን አልሞላለትም። «ጠበቅ አድርገህ ስፋው። ሹሙ ጩኸቷ ዛሬውኑ ይጥፋ ብሏል። በሄድንበት ሁሉ ሰውየው አምልጦ የሚጠብቀን የሞቀ አልጋ ብቻ ሆነ።» ቀጥሎ እንደ ቀልድ፣ «ለክርስትና ተጠርተናል። ዝም ብለን ነው የምንገባ» ይላል።

ወስፌው የሙነወርን ጣት ይወጋዋል። ታች ሰፈር ዛሬ ክርስትና ያለው አንድ ቤት ነው፤ ከቁልቁለቱ ሥር የሚታየው የጎረቤቱ የሥራነሽ ቤት። ባሏ እንዳላማው ጫካ ከገባ በኋላ የተወለደውን ልጁን ሊያይ ንጋት ላይ ተደብቆ መጥቷል። የሙነወር ሚስት ሸሪፋ ቅቤ ልታደርስ ሄዳ ሕፃኑን ታቅፎ አይታዋለች። «አስተቃቀፉን እንኳ አያውቅበትም» ብላ እየሳቀች ነበር የነገረችው።

ስፌቱን ላላ ላድርገው ይላል በልቡ። አካለ ወልድ ግን ስፌቱን በአውራ ጣቱ እየገፋ ይፈትሻል። ግራሶውንም ራሱ ይሞላል። ሙነወር ከመኪናዋ ሥር በጀርባው ተኝቶ ቆዳውን አንጓው ላይ ይጠመጥምና በጠፍር እንደ ጫማ ያስረዋል። ሥራው ያምራል፤ እጁ መጥፎ መስፋት አልለመደም።

አካለ ወልድ ሞተሩን አስነስቶ አንድ ጊዜ ይዞራል። ጎማዋ ጠጠሩን ሲረግጥ ብቻ ይሰማል።

«እጅህ ይባረክ» ይላል። ምርቃቱ ሙነወርን ከእርግማን ይብስ ያመዋል።

ከመንገዱ ማዶ ዛፍ ሥር ሲጠብቅ የነበረው ሹም ከወታደሮቹ ጋር ይሳፈራል። አንዱን ወታደር የሙነወር በር ላይ ይተዉታል፤ እስኪመለሱ ከዚህ ቤት ማንም እንዳይወጣ። ሰውየው ከሩቅ አገር ትናንት የመጣ ነው፤ የእሜቴን ድምፅ አያውቅም። ሸሪፋ ከጓዳ ብቅ ብላ ባሏን ታያለች፤ እሱም ያያታል። መጮህ አይቻልም፤ መላክም አይቻልም።

የሙላት ኮርቻ እንጨት ራቁቱን መሬት ላይ ቀርቷል። ሙነወር ያነሳውና ወደ ታች ሰፈር በሚያየው ደጃፍ ላይ ያስቀምጠዋል። መኪና ገበያውን ዞሮ ነው የሚወርደው፤ ድምፅ ግን በአቋራጭ ይወርዳል። መዶሻውን ያነሳል።

ቋ፣ ቋ። ዝም። ቋ።

ወታደሩ ዞር ብሎ ያየዋል። ኮርቻ ሰፊ እንጨት ቢመታ ምን ይደንቃል፤ ፊቱን ይመልሳል። ሙነወር እንደገና ይመታል። ይህን ምት የሚያህል የሚያውቀው ነገር የለም፤ ስንት ጊዜ እንቅልፉን ነስቶታል።

መጀመሪያ ውሻ ይጮኻል። ከዚያ አንድ በር ይከፈታል፤ ሌላም ይከፈታል። ከሥራነሽ ጓሮ ጋቢ የለበሰ ሰው አጥሩን ዘሎ ወደ ባሕር ዛፉ ይሮጣል፤ ዛፎቹ መሀል ይጠፋል።

«አልሐምዱሊላህ» ይላል ሙነወር በከንፈሩ። እንባው ይመጣል። እጁ ግን መምታቱን አላቆመም።

ምቱ እስከ ገበያው መታጠፊያ ይሰማል፤ መኪናዋ እዚያ ቆማለች። ሹሙ ከውስጥ ሆኖ ይቆጣል። አካለ ወልድ አይሰማውም። ወርዶ፣ ተንበርክኮ፣ ከሆዷ ሥር ገብቷል። ጆሮውን የሙላት ኮርቻ ቆዳ ላይ ለጥፎ ያዳምጣል።