የቼሎዋ ድምፅ

በተከታታይ ድራማው ውስጥ ሊሞት የተቃረበ ሰው በር በከፈተ ቁጥር አንዲት ጎርናና የቼሎ ድምፅ ትሰማለች። የሙዚቃ አቀናባሪውን ታዋቂ ያደረገችው እሷ ናት፤ ዳይሬክተሩን ግን አንገፍግፋዋለች።

«ማን እንደሚሞት ሕፃን ልጅ እንኳ አወቀብን! አጥፋልኝ አልኩህ። ሙዚቃ የምታውቀው አንተ ብቻ ነህ እንዴ?»

አቀናባሪው ጥርሱን ነክሶ ከኮምፒውተሩ ሰረዛት። ንዴቱ አልወጣለት ሲል ስፒከሮቹንም ከሶኬት ነቀላቸው።

«አሁን ገና ሰው ሆንክ» አለ ዳይሬክተሩ። ኮቱን አንስቶ በሩን ከፈተ።

ያቺው ድምፅ መጣች፤ ጎርናና፣ የማትቸኩል።

«ትቀልድብኛለህ?» ብሎ ዞረ።

አቀናባሪው ሁለት እጆቹን ጭኑ ላይ እንዳደረገ ወለሉ ላይ የተጋደመውን የስፒከር ገመድ ያይ ነበር። ተመለስ ሊለው አፉን ከፈተ፤ ከዚያ ተወው።

«በደህና ግባ» አለው።